ትንሿ አገር ማን ናት? የጠቅላላ ዕውቀት ጥያቄ የሚሰናከልባቸው ቦታዎች

(ለጥያቄና መልስ ውድድር አዘጋጆችና ለጂኦግራፊ መምህራን ከቀረበ ንግግር በጽሑፍ የተሰናዳ)

የተከበራችሁ መምህራን፣ የውድድር አዘጋጆችና ዳኞች፤

«በዓለም ትንሿ አገር ማን ናት?» ያልተባለበት የጠቅላላ ዕውቀት ውድድር መኖሩን እጠራጠራለሁ። መልሱም ያው ነው፤ ቫቲካን ይባላል፣ ይጨበጨባል፣ ይታለፋል። ዛሬ የማነሣው ከጭብጨባው በፊት መጠየቅ የነበረበትን ነው።

በጥያቄው ውስጥ ሦስት ነገሮች ሳይወሰኑ ቀርተዋል። ትንሽነቷ በቆዳ ስፋት ነው ወይስ በሕዝብ ብዛት? አገር ያልናት በየትኛው መዝገብ ነው? የየትኛውን ዘመን ሁኔታ ነው የምንጠይቀው? ስለ ትልልቅ አገሮች ሲሆን እነዚህን ብንዘልላቸው ብዙም አንጎዳም። ከሩሲያ ላይ ሺህ ካሬ ኪሎ ሜትር ቢቀነስ አንደኝነቷን አትለቅም። በትንሿ አገር ላይ ግን አንድ ውል፣ አንድ የባሕር ሙሌት ወይም አንድ የድንበር መስመር መልሱን ይገለብጠዋል። ውል ተፈርሞ፣ መስመር ተሰምሮ የተገኘ መልስ ስለሆነም ሁልጊዜ ምክንያት አለው። ምክንያቱን የያዘ አዘጋጅ ጥያቄውን አያበላሽም። የምጠቅሳቸው ዓመቶች ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

መዝገቡን እናስቀድም። የተባበሩት መንግሥታት ድርጅት 193 አባላት አሉት። አባል ሳይሆኑ በታዛቢ መንግሥትነት የሚቀመጡ ሁለት ናቸው፤ ቅድስት መንበር (ቫቲካንን የምትወክለው የሮማው ጳጳስ መንበር) እና ፍልስጤም። ታይዋንና ኮሶቮ በዚህ መዝገብ ላይ የሉም። ስለዚህ «ከተባበሩት መንግሥታት አባላት መካከል በቆዳ ስፋት ትንሿ» ካላችሁ መልሱ ሞናኮ እንጂ ቫቲካን አይደለም። ቫቲካንን የሚያስመልሰው ጥያቄ «ከነጻ መንግሥታት ሁሉ» የሚለው ነው። በሕዝብ ብዛትስ? ቫቲካን ከአንድ ሺህ በታች ነዋሪ ይዛ የመጨረሻውን ቦታ ትይዛለች። ከእሷ በላይ ያሉት ቱቫሉና ናውሩ ሁለቱም በ10 እና በ12 ሺህ አካባቢ ስለሚዋልሉ፣ የቆጠራው ዓመት ካልተጠቀሰ በመካከላቸው አታወዳድሩ። እንዲህ ያለ ጥያቄ ዕውቀትን ሳይሆን ዕድልን ነው የሚፈትነው።

ሞናኮን ካነሣን ስፋቷም ወጥመድ አለው። የቆዩ መጻሕፍት 2.02 ካሬ ኪሎ ሜትር ይላሉ፤ አዳዲሶቹ 2.08። ሁለቱም በየጊዜያቸው ልክ ናቸው። በ2024 የተመረቀው ማሬቴራ የተባለ መንደር ባሕር ተሞልቶ የተሠራ ሲሆን ወደ 6 ሄክታር ጨምሮላታል። ከዚህ የሚበልጠው ለውጥ ግን በመቀነስ የመጣው ነው። ማንቶንና ሮክብሩን የተባሉት ሁለት ከተሞች በ1848 አመፁባት፤ በ1861 ልዑሉ በ4 ሚሊዮን ፍራንክ ካሣ ለፈረንሣይ ለቀቃቸው። ከግዛቷ 95 በመቶ የሚሆነው በዚያ ፊርማ ሄደ። ከሎሚና ከወይራ ዘይት ገቢ ያስገኙላት የነበሩ ከተሞች ሲሄዱ ገቢ ፍለጋ ወደ ቁማር ቤት ዞረች፤ ካዚኖው በ1863 ቆመ፣ በ1869 የገቢ ግብር ቀረ። «ሞናኮ ለምን የገቢ ግብር አታስከፍልም?» ለሚለው መልሱ እዚያ የጠፋ መሬት ውስጥ ነው። ዜጎቿ በካዚኖው መጫወት የተከለከሉ መሆናቸው ደግሞ ለውድድር የሚሆን ጥሩ ጥያቄ ነው።

ወደ ቫቲካን ልመለስ፤ 0.44 ካሬ ኪሎ ሜትር ናት። የጣሊያን ጦር በ1870 ሮማን ከያዘ በኋላ የሮማው ጳጳስ ለ59 ዓመታት የሚገዙት መሬት አልነበራቸውም። የዛሬዋ ከተማ መንግሥት የተወለደችው የካቲት መጀመሪያ አካባቢ፣ ፌብሩዋሪ 11 ቀን 1929፣ ሙሶሊኒና ካርዲናል ጋስፓሪ በፈረሙት የላተራኖ ውል ነው። ጣሊያንም ለጠፋው ግዛት 750 ሚሊዮን ሊሬ በጥሬ ገንዘብ፣ 1 ቢሊዮን ሊሬ ደግሞ በቦንድ ከፍላለች። እንግዲህ «ቫቲካን መቼ ተመሠረተች?» ሲባል ሐዋርያው ጴጥሮስ ድረስ የሚሄድ ተወዳዳሪ ይኖራል። ከተማዋ ከ1929 ወዲህ ያለች ናት፤ አምባሳደር የምትልከው፣ በተባበሩት መንግሥታት የምትቀመጠው ግን ቅድስት መንበር ናት፤ እሷ ጥንታዊት ናት። ሁለቱን ያምታታ ጥያቄ ዳኛውን ያስጨንቃል። ከዚሁ ጋር የሚምታታው የማልታ ባላባቶች ማኅበር የተባለው የካቶሊክ ማኅበር ነው። ከብዙ አገሮች ጋር ዲፕሎማሲያዊ ግንኙነት አለው፣ በተባበሩት መንግሥታት ታዛቢ ነው፣ ሆኖም መንግሥት አይደለም፤ ከማልታ ሪፐብሊክ ጋርም አንድ አይደለም።

ለእኛ ተወዳዳሪዎች የሚቀርብ የቫቲካን ጥያቄ ካስፈለገ ደግሞ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። በቫቲካን ቅጥር ውስጥ የሚገኘው ኮሌጅ የኢትዮጵያ ኮሌጅ ነው። ከቅዱስ ጴጥሮስ ባዚሊካ በስተጀርባ የቅዱስ እስጢፋኖስ ቤተ ክርስቲያን አለ፤ ጣሊያኖች እስካሁን «የሐበሾች ቅዱስ እስጢፋኖስ» ይሉታል። መነኮሳቶቻችን የሰፈሩበት ነበር። ከእነሱ አንዱ የሆኑት አባ ተስፋ ጽዮን በ1548 እና በ1549 የግእዙን ሐዲስ ኪዳን ሮማ ላይ አሳትመዋል፤ መዝሙረ ዳዊት ደግሞ ከዚያ ቀድሞ በ1513 እዚያው በግእዝ ፊደል ታትሟል። ስለ ኢትዮጵያ የኅትመት ታሪክ የሚጠየቅ ሁሉ ከዚህች ግማሽ ካሬ ኪሎ ሜትር ጫፍ መነሣት ይችላል።

ሁለተኛው ተወዳጅ ጥያቄ «ሙሉ በሙሉ በአንድ አገር የተከበቡት አገሮች እነማን ናቸው?» ነው። መልሱ ሦስት ነው፤ ቫቲካን፣ ሳን ማሪኖና ሌሶቶ። ብዙ ጊዜ ሞናኮና ጋምቢያ ይጨመራሉ፤ ሁለቱም ባሕር ስላላቸው አይገቡም። ኤስዋቲኒም ትጠራለች፤ ከደቡብ አፍሪካ ሌላ ከሞዛምቢክ ጋር ትዋሰናለች።

ሳን ማሪኖን ባጭሩ ልለፋት። 61 ካሬ ኪሎ ሜትር ናት፤ ድንበሯ ከ1463 ወዲህ አልሰፋም። ናፖሊዮን በ1797 መሬት ልጨምርላችሁ ሲላቸው አልፈለጉም፤ በኋላ ባለመሬቱ ሲመለስ የሚመጣውን አስበው ነው ብዬ አምናለሁ። በ1849 ጠላቶቹ ሲያሳድዱት ለነበረው፣ ለጣሊያን አንድነት ለሚዋጋው ለጋሪባልዲ መጠጊያ ሰጡ፤ ጣሊያን አንድ ስትሆን ውለታው አልተረሳምና በ1862 የወዳጅነት ውል ተፈረመ። ርዕሰ ብሔሮቿ ሁለት ናቸው፤ በየ6 ወሩ፣ በኤፕሪል 1 እና በኦክቶበር 1 ይቀየራሉ። ስለዚህ የርዕሰ ብሔሯን ስም የሚጠይቅ ጥያቄ ከግማሽ ዓመት በላይ አይቆይም፤ ጻፉትና በሚቀጥለው ውድድር ላይ ያሳፍራችኋል።

ሌሶቶ ግን ቆም ብለን የምናያት ናት። 30,355 ካሬ ኪሎ ሜትር ስለሆነች ከቤልጂግ ብዙም አታንስም፤ ትንሽ የምትመስለው ደቡብ አፍሪካ ስለከበበቻት ነው። እንዴት ተከበበች? ንጉሥ ሞሼሼ በ1824 ታባ ቦሲዩ በተባለች አምባ ላይ ከተማቸውን አደረጉ። አናቷ ጠፍጣፋ፣ ጎኗ ገደል የሆነ ተራራ ናት፤ ግሸንን ወይም ደብረ ዳሞን ያየ ሰው ምን ማለቴ እንደሆነ ይገባዋል። የብርቱካን ነጻ መንግሥት የተባለው የጎረቤት አገር ቦየሮች (ከደች የተወለዱ ነጭ ሰፋሪዎች) ደጋግመው ወጓቸው፤ አምባዋን መያዝ ባይችሉም በካሌዶን ወንዝ ምዕራብ ያለውን ለም መሬት ወሰዱ። ሞሼሼ ለብሪታንያ ደጋግመው ጥበቃ ጠየቁ፤ ማርች 12 ቀን 1868 ተፈቀደላቸው። በ1869 ድንበሩ በውል ሲጸና ለሙ መሬት ከውጭ ቀረ። ሌሶቶ ዛሬም እህል የምትሸምተው በከፊል ከዚህ የተነሣ ነው።

ቀጣዩ ነጥብ በጣም የሚዘነጋ ነው። በ1871 ብሪታንያ አገሪቱን ለኬፕ ቅኝ ግዛት አስረከበቻት። ኬፕ ባሶቶዎቹን፣ ማለትም የሌሶቶን ሕዝብ፣ መሣሪያ ሊያስፈታ ሲነሣ በ1880 የጠመንጃ ጦርነት የሚባለው ፈነዳ፤ ኬፕም ማሸነፍ አቃተው። በ1884 ሌሶቶ ከኬፕ ወጥታ በቀጥታ በዘውዱ ሥር ሆነች። በ1910 ኬፕና ሌሎቹ ተዋህደው የደቡብ አፍሪካ ኅብረት ሲመሠረት ሌሶቶ ከኬፕ ጋር አልነበረችም፤ በዚህ ምክንያት ከውስጥ ሆና ከውጭ ቀረች። ጠመንጃ አንሰጥም ያሉ ገበሬዎች ባይኖሩ ኖሮ ኦክቶበር 4 ቀን 1966 ነጻ የወጣች አገር ባልኖረች ነበር።

ከፍታዋ ሌላ ጥያቄ ይወልዳል። ከ1,000 ሜትር በታች መሬት የሌላት ብቸኛ የዓለም አገር ሌሶቶ ናት። ዝቅተኛው ቦታዋ የሴንቁና የማካሌንግ ወንዞች የሚገናኙበት ነው፤ 1,400 ሜትር። እዚህ ላይ ተጠንቀቁ፤ «ከፍተኛው ተራራ» እና «ከፍተኛው ዝቅተኛ ቦታ» በቃል ሲነበቡ ይምታታሉ። ጥያቄውን «ከሁሉም አገሮች ዝቅተኛ ቦታዋ ከፍ ብሎ የሚገኘው የማን ነው?» ብላችሁ ዘርዝሩት። ዝቅታ ከተነሣ ደግሞ የራሳችንን ስሕተት እናርም፤ በብዙ የአገራችን ውድድሮች «ከአፍሪካ ዝቅተኛው ቦታ» ተብሎ ዳሎል ሲመለስ ነጥብ ይሰጣል። ትክክለኛው የጅቡቲ አሳል ሐይቅ ነው፤ ከባሕር ወለል በታች 155 ሜትር ገደማ ሲሆን፣ የእኛ ደናክል ዝቅተኛ ቦታ ወደ 125 ሜትር ነው። ጅቡቲ በ23,200 ካሬ ኪሎ ሜትሯ ይህን አሸንፋናለች፤ መቀበል ነው።

የሌሶቶ ከፍታ ዳገት ብቻ አይደለም፤ ውሃም ነው። በ1986 ከደቡብ አፍሪካ ጋር በተፈረመ ውል ውሃ ትሸጣለች። የካትሴ ግድብ 185 ሜትር ቁመት ያለው የኮንክሪት ቅስት ግድብ ነው፤ ውሃው በዋሻ ተመርቶ ሙኤላ ላይ 72 ሜጋ ዋት ካመነጨ በኋላ ድንበሩን ተሻግሮ ወደ ጆሃንስበርግ አካባቢ ይወርዳል። መላክ የጀመረው በ1998 ነው። የእኛ ተከዜ በ2009 ሲመረቅ 188 ሜትር ሆኖ በቅስት ግድብ ቁመት የአፍሪካን አንደኝነት ከካትሴ የወሰደው በ3 ሜትር ልዩነት ነው። የቆየ የጥያቄ ደብተር የያዘ አሁንም ካትሴ ይላል።

ሦስተኛው ርዕስ ወደብ አልባነት ነው። «ራሷም ጎረቤቶቿም ሁሉ የባሕር በር የሌላቸው አገር» ሲባል መልሱ ሁለት ነው፤ ሊክተንስታይንና ኡዝቤኪስታን። ስለ ኡዝቤኪስታን የሚነሣው ክርክር ጎረቤቶቿ ካዛክስታንና ቱርክሜኒስታን የካስፒያን ባሕር አላቸው የሚለው ነው። ካስፒያን ከውቅያኖስ ጋር የተፈጥሮ መገናኛ ስለሌለው አይቆጠርም፤ ይህን አንድ ሐረግ በጥያቄው ውስጥ አስገቡና ክርክሩን ዝጉት።

ሊክተንስታይን ላይ ግን ዓመት ያስፈልጋል። 160 ካሬ ኪሎ ሜትር የሆነችው ይህች ልዑላዊት አገር በስዊዘርላንድና በኦስትሪያ መካከል ናት። እስከ 1918 ጎረቤቷ ኦስትሪያ-ሀንጋሪ በአድሪያቲክ ላይ ወደብ ነበራት፤ እንግዲያው ሊክተንስታይን በዚያ ዘመን ከመልሱ ውጭ ናት። ግዛቱ ሲፈርስ ኦስትሪያ ባሕር አጣች፤ ሊክተንስታይን ገባች። በ1938 ሂትለር ኦስትሪያን ሲውጥ ጎረቤቷ ባለ ባሕሯ ጀርመን ሆነች፤ ወጣች። በ1945 ተመልሳ ገባች፣ ኡዝቤኪስታን በ1991 ነጻ እስክትሆን ብቻዋን ቆየች። አንዲት ስንዝር ሳትንቀሳቀስ ማለት ነው። እኛም ይህን እናውቀዋለን፤ ኢትዮጵያ ከ1993 ወዲህ በሕዝብ ብዛት የዓለም ትልቋ ወደብ አልባ አገር ናት፤ ከዚያ በፊት የታተመ መጽሐፍ ይህን መልስ ሊይዝ አይችልም።

የዚች አገር አመሠራረት ራሱ የሚያስገርም ነው። የሊክተንስታይን ቤተሰብ በቪየና ሀብታም ነበር፤ ነገር ግን በቅዱስ ሮማ ግዛት ጉባኤ ለመቀመጥ በቀጥታ ከንጉሠ ነገሥቱ የተያዘ ርስት ያስፈልግ ነበር። ስለዚህ በ1699 ሼለንበርግን፣ በ1712 ቫዱዝን ገዙ፤ በ1719 ሁለቱ ተዋህደው የቤተሰቡን ስም ያዙ። የገዙት ወንበሩን እንጂ መሬቱን አልነበረምና በዙፋን ላይ ያለ ልዑል አገሩን ለመጀመሪያ ጊዜ ያየው በ1842 ነው፤ ገብቶ መኖር የጀመረውም በ1938። በ1868 ሠራዊቷን በተነች። በ1920 የመንግሥታቱን ማኅበር በር ብታንኳኳ ትንሽ ነሽ ተብላ ተመለሰች፤ ኢትዮጵያ የገባችው ከዚያ 3 ዓመት በኋላ በ1923 ነው። በ1936ቱ የበርሊን ኦሎምፒክ ባንዲራዋ ከሃይቲ ጋር አንድ ዓይነት መሆኑ ስለታወቀ በቀጣዩ ዓመት ዘውድ ጨመረችበት። አንድ ሙሉ ውድድር ከዚህች አገር ብቻ ማውጣት ይቻላል።

አሁን ወደ ጋምቢያ። ወንዟን ተከትላ ከ320 ኪሎ ሜትር በላይ ትዘረጋለች፤ ስፋቷ ግን የትም ቦታ 50 ኪሎ ሜትር አይሞላም። ተወዳዳሪዎች ሁሉ የሚያውቁት ታሪክ የእንግሊዝ የጦር ጀልባ ግራና ቀኝ መድፍ እየተኮሰ ሄደ፣ ጥይቱ የወደቀበት ድንበር ሆነ የሚለው ነው። ጥሩ ተረት ነው፤ ለውድድር ግን አይሆንም። ድንበሩ በብሪታንያና ሴኔጋልን በያዘችው ፈረንሣይ ስምምነት በኦገስት 1889 ፓሪስ ላይ በወረቀት ተሰመረ፤ ከወንዙ 10 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቆ፣ በላይኛው በኩል የወንዙን መታጠፊያ እየተከተለ በክብ ቅስት እንዲሄድ ተባለ፤ ቀያሾች መሬት ላይ የወረዱት ከዚያ በኋላ ነው። ብሪታንያ ከዚያ ቀደም ጋምቢያን በሌላ የፈረንሣይ ግዛት ለመለወጥ ስትደራደር የቆየች ስለነበር መስመሩ ለዘለቄታ የታሰበ አልነበረም። ሳይታሰብ ዘለቀ።

ውጤቱ ዛሬም በጎማና በናፍጣ ይለካል። ሴኔጋል ከዋና ከተማዋ ዳካር ወደ ደቡባዊ ክፍሏ ካዛማንስ ለመሄድ ወይ ጋምቢያን ማቋረጥ ወይ በምሥራቅ ዞሮ መሄድ አለባት። ማቋረጫው ለዘመናት ጀልባ ነበር፤ ጀልባ ሲበላሽ የጭነት መኪኖች በፋራፌኒ በኩል ለቀናት ይሰለፉ ነበር፤ በሁለቱ መንግሥታት መካከል ጠብ ሲነሣ ደግሞ መንገዱ ይዘጋል። በ1981 በጋምቢያ የመፈንቅለ መንግሥት ሙከራ ተደርጎ የሴኔጋል ጦር ገብቶ ካከሸፈው በኋላ ከ1982 እስከ 1989 ሴኔጋምቢያ የሚባል ኮንፌዴሬሽን መሥርተው ነበር፤ ፈረሰ። ድልድዩ የተከፈተው በጃንዩዋሪ 2019 ነው። ርዝመቱ 1 ኪሎ ሜትር እንኳ አይሞላም፤ ለመድረስ ግን ከነጻነት 54 ዓመት ወሰደ።

ስለ ናውሩ የምናውቀው ብዙ ጊዜ አንድ ዓረፍተ ነገር ነው፤ «ዋና ከተማ የሌላት አገር»። ልክ ነው፤ መሥሪያ ቤቶቿ ያሬን በተባለ ቀበሌ ቢሆኑም በሕግ የተሰየመ ዋና ከተማ የላትም። ስለዚህ ተወዳዳሪ «ያሬን» ካለ ስሕተት ነው ከማለታችሁ በፊት ጥያቄያችሁ «በይፋ» የሚል ቃል እንዳለው እዩ። ግን ከዚህ የሚልቅ ነገር አላት።

21 ካሬ ኪሎ ሜትር የሆነች አንድ ደሴት ናት። መሐሏ ከፍ ያለ ሜዳ፣ ዙሪያዋ ሰው የሚኖርበት ጠባብ የባሕር ዳር ቀለበት ነው። ሜዳው በፎስፌት የተሞላ ነበር፤ ከባሕር ወፎች ኩስ ጋር የተያያዘ፣ በኖራ ድንጋይ ዓምዶች መካከል የተጠቀጠቀ ማዳበሪያ። ከደሴቲቱ የመጣ ድንጋይ በሲድኒ ቢሮ ውስጥ የበር መያዣ ሆኖ ሳለ አልበርት ኤሊስ የተባለ ሰው ቢያስመረምረው በ1900 ምንነቱ ታወቀ። ደሴቲቱ ያኔ የጀርመን ነበረች፤ በ1914 አውስትራሊያ ያዘቻት፤ ከዚያም ብሪታንያ፣ አውስትራሊያና ኒውዚላንድ በጋራ ኮሚሽን አማካይነት ለገበሬዎቻቸው ከዓለም ዋጋ በታች ሲወስዱት ኖሩ።

ማዕድኑ ሲወጣ የሚሆነውን በደንብ ልብ በሉ። በዓምዶቹ መካከል ያለው ፎስፌት ተዝቆ ሲያልቅ ዓምዶቹ ይቀራሉ፤ ሾጣጣ፣ የሰው ቁመት የሚበልጥ፣ ሊታረስም ሊሠራበትም የማይችል የድንጋይ ጫካ። ከደሴቲቱ ወደ 80 በመቶ የሚሆነው እንዲህ ሆኗል። አፈሩ ስለሄደ ዛፍ እንደልብ አይበቅልም፤ ምግብ በመርከብ ይመጣል።

የነጻነቷ ቀን ራሱ ታሪክ አለው። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጃፓን ደሴቲቱን ይዛ 1,200 ሰዎችን ወደ ትሩክ ደሴቶች አጋዘች። በሕይወት የተመለሱት 737 ናቸው፤ የተመለሱበት ቀን ጃንዩዋሪ 31 ቀን 1946። ከ22 ዓመት በኋላ በ1968 ነጻነት ሲታወጅ ያንኑ ቀን መረጡ። «አንጋም» የተባለ በዓልም አላቸው፤ ሕዝባቸው 1,500 የደረሰበትን የሚያስታውስ ነው። ከዚህ በታች ከሆንን እንጠፋለን ብለው የወሰኑት ቁጥር ነበር፤ በ1932 ደረሱበት፣ ጦርነቱ ሲያጎድላቸው በ1949 እንደገና ደረሱበት። የልደት ቁጥርን በብሔራዊ በዓል የሚያከብር ሌላ አገር አላውቅም።

በ1970 ማዕድኑ የራሳቸው ሆነ፤ በነፍስ ወከፍ ገቢ ከዓለም ቀዳሚዎች ተርታ ገቡ። ያልተሳካው ገንዘቡን ማቆየት ነው። ሜልበርን ላይ 52 ፎቅ ያለው የናውሩ ሕንፃ በ1977 ተሠራ፤ የራሳቸው አየር መንገድ ጥቂት መንገደኛ ይዞ ብዙ አገር በረረ፤ በ1993 ለንደን ላይ ከሥሮ የተዘጋ የሙዚቃ ቴአትርም በገንዘባቸው ነበር። ፎስፌቱ ሲቀንስ ብድር መጣ፤ በ2004 የሜልበርኑ ሕንፃ ተሸጠ። አንድ ነገር ግን አሸንፈዋል። ከነጻነት በፊት ለወደመው መሬት አውስትራሊያን በ1989 በዓለም አቀፉ ፍርድ ቤት ከሰሱ፤ ፍርድ ቤቱ ጉዳዩን የማየት ሥልጣን አለኝ ካለ በኋላ በ1993 አውስትራሊያ 107 ሚሊዮን የአውስትራሊያ ዶላር ለመክፈል ተስማማች። የ10 ሺህ ሰው አገር አህጉርን ከሳ ካሣ የተቀበለችበት መዝገብ ስለሆነ፣ ከ«ዋና ከተማ የሌላት» ይልቅ ይህ ቢጠየቅ እመርጣለሁ።

የመጨረሻው የጊዜ ጉዳይ ነው፤ ኪሪባቲ። የብሷ 811 ካሬ ኪሎ ሜትር ብቻ ሲሆን ደሴቶቿ ከ3 ሚሊዮን ካሬ ኪሎ ሜትር በሚበልጥ ባሕር ላይ ተበትነዋል። ምድር ወገብንም 180ኛውን ኬንትሮስም ስለምትረግጥ በአራቱም ንፍቀ ክበብ መሬት ያላት ብቸኛ አገር ናት። በ1979 ነጻ ስትወጣ ዓለም አቀፉ የቀን መስመር፣ በግራና በቀኙ ቀኑ በአንድ የሚለያይበት፣ መሐል ለመሐል ይከፍላት ነበር። በምዕራብ ሰኞ ሲሆን በምሥራቅ እሑድ ነው፣ ቢሮ ዝግ፤ በምሥራቅ ዓርብ ሲሆን በምዕራብ ቅዳሜ ነው፣ ያም ዝግ። ሁለቱም ወገን ሥራ ላይ የሚገናኙት በሳምንት 4 ቀን ብቻ ነበር። ከ1995 መባቻ ጀምሮ ምሥራቆቹ ደሴቶች አንድ ቀን ዘልለው ከምዕራቡ ጋር ተስተካከሉ።

ማን ፈቀደላት? ማንም። መስመሩን የሚያጸና ዓለም አቀፍ ውል የለም፤ እያንዳንዱ መንግሥት የራሱን ሰዓትና ቀን ይወስናል፣ ካርታ ሠሪው ይከተላል። የራሱ ዘመን አቆጣጠር ላለው ሕዝብ ይህ እንግዳ አይሆንም። ከዚህ ለውጥ በኋላ ከኪሪባቲ ምሥራቃዊ ደሴቶች አንዷ የሆነችው ኪሪቲማቲና የሃዋይዋ ሆኖሉሉ በተቀራራቢ ኬንትሮስ ላይ ሆነው ሰዓታቸው አንድ፣ ቀናቸው ግን የተለያየ ሆነ፤ ልዩነቱ ልክ 24 ሰዓት። ሳሞአም በ1892 ከአሜሪካ ጋር ለመነገድ ወደ አንዱ ጎን፣ በ2011 ከአውስትራሊያና ከኒውዚላንድ ጋር ለመነገድ ወደ ሌላው ጎን ዞረች፤ በዚያ ዓመት ዲሴምበር 30 የሚባል ዓርብ ሳሞአ ውስጥ አልነበረም። «አዲስ ዓመትን ቀድማ የምትቀበል አገር» ስትሉ ኪሪባቲ የምትሆነው ከ1995 ወዲህ ስለሆነ የጥያቄ ደብተራችሁን ዕድሜ እዩ።

ከንግግሩ በኋላ ከቀረቡት ጥያቄዎች ሁለቱን ላካትት።

አንድ መምህር ደሴቶች በባሕር ቢዋጡ አገርነታቸው ይቀራል ወይ ብለው ጠየቁ። ቱቫሉ 26 ካሬ ኪሎ ሜትር የብስ ያላት ዝቅተኛ አገር ናት፤ በ2023 ሕገ መንግሥቷን አሻሽላ መሬቷ ቢጠፋም መንግሥትነቷ ይቀጥላል ብላለች። ከአውስትራሊያ ጋር በገባችውና በ2024 በጸናው ውል በየዓመቱ እስከ 280 ሰዎች እዚያ የመኖር ዕድል ያገኛሉ፤ አውስትራሊያም ይህን ቀጣይ መንግሥትነት ተቀብላለች። ስለዚህ «አገር ለመባል መሬት የግድ ነው» የሚል እውነት ወይም ሐሰት ጥያቄ አሁን ባታወጡ ይሻላል።

ሁለተኛው ጥያቄ በፈረንሣይና በስፔን መካከል ስላለችው ስለ አንዶራ ርዕሰ ብሔር ነበር። በ1278 በተደረገ ስምምነት የኡርጄል ጳጳስና የፎዋ መስፍን በእኩል እንዲገዙ ተባለ። የመስፍኑ መብት በውርስ ወደ ፈረንሣይ ነገሥታት፣ ከእነሱ ወደ ፕሬዚዳንቱ ወረደ፤ ጳጳሱ አሁንም በስፔን ካታሎኒያ ተቀምጠዋል። አንዶራውያን እስከ 1993ቱ ሕገ መንግሥት ድረስ ለጳጳሱ ከጥቂት ገንዘብ ጋር የአሳማ ጭን፣ አይብና ዶሮ ይገብሩ ነበር። በ1934 ቦሪስ ስኮሲሬፍ የተባለ ስደተኛ ሩሲያዊ ራሱን የአንዶራ ንጉሥ ብሎ ቢያውጅም የስፔን ፖሊስ ወዲያው ይዞ ወሰደው፤ የእሱን ስም የሚመልስ ተወዳዳሪ ነጥብ አያገኝም። ዳኛውም አንድ ስም ብቻ ይዞ ከተቀመጠ ያለው የመልሱ ግማሽ ነው። ሙሉ ነጥብ የሚሰጠው የፈረንሣይ ፕሬዚዳንትና የኡርጄል ጳጳስ ሁለቱም ሲጠሩ ነው።